የመኪናዬ ኮምፒውተር ተቃጥሏል ተባልኩ፣ ሶኬቱን ስነካው ግን ሞተሩ ይጠፋል

የመንዝ_ጭነት፦
ሰላም ለዚህ ቤት። ያለሁት መሐል ሜዳ ነው። የምነዳው ሃይሉክስ ቪጎ ነው፣ ዲዝል፣ ቱ ኬዲ ሞተር። ገብስና በግ ወደ ደብረ ብርሃን እወስዳለሁ፣ ስመለስ የሱቅ እቃ እጭናለሁ። ኑሮዬ እሱ ነው።

ችግሩ እንዲህ ነው። ከጣርማበር ታጥፌ ወደ ሞላሌ ስሄድ መንገዱ ትንሽ ካንገጫገጨኝ ሞተሩ ይጠፋል። ሳይንተፋተፍ፣ ሳይደክም፣ ልክ ቁልፍ እንደተዘጋ ድርግም ነው የሚለው። ቆም ብዬ ቁልፉን ስሞክረው ምንም እንዳልሆነ ይነሳል። ጠዋት ጉም ካለ ይብሳል። በስካነር ሲታይ ፒ0335 ይላል፣ የክራንክ ሴንሰር፣ የሞተሩን ዙር የሚያነበው። ከሱ ጋር ፒ0190፣ የነዳጅ ግፊት ሴንሰር፣ እና የፔዳሉ ኮድም አብሮ ይወጣል። የክራንክ ሴንሰሩን ቀየርኩት፣ ለውጥ የለም። አንድ ጋራዥ ኮምፒውተሩ ተቃጥሏል፣ ያገለገለ ከአዲስ አበባ ሶማሌ ተራ አምጣ አሉኝ። የነገሩኝ ዋጋ ቀላል አይደለም።

ትናንት ሞተሩ እየሰራ የዳሽቦርዱን ኪስ አውልቄ የኮምፒውተሩን ሶኬት በእጄ ነካ ሳደርገው ጠፋ። ደግሜ አስነስቼ ነካሁት፣ አሁንም ጠፋ። ሶኬቱን ነቅዬ ሳየው አንዳንዱ ፒን ላይ አረንጓዴ ነገር አለ። ሁለት ሶስት ሽቦም በናስትሮ ተጠቅልሎ ተቀጥሏል። መኪናውን ስገዛው አላርም ነበረው፣ የሱ ሳይሆን አይቀርም።

ሶኬቱን ፈትቶ እንደ አዲስ መስራት ይቻላል ወይ? በሊድ ልበይደው? ፒኑስ ከየት ይገኛል? የሰራችሁ ካላችሁ እባካችሁ።

ኤሌክትሪክ_ደብረብርሃን፦
ወንድሜ፣ ኮምፒውተር እንዳትገዛ። የጻፍከው ራሱ መልሱን ይዟል። ስትነካው ከጠፋ የተበላሸው የምትነካው ቦታ ነው። የተቃጠለ ኮምፒውተር ቆም ስትል አይድንም።

ሌላም ምልክት አለ። ሶስት የማይገናኙ ሴንሰሮች በአንድ ጊዜ ተከሰዋል። ሶስቱም በአንድ ቀን አይሞቱም። እንዲህ ሲሆን ሴንሰሮቹን ትተህ የሚጋሩትን ነገር ፈልግ። የሚጋሩት ደግሞ የኮምፒውተሩን ኃይል፣ ኔጋቲቩን እና ሶኬቱን ነው። ኮምፒውተሩ ለሴንሰሮች 5 ቮልት ያወጣል፣ መልሶ የሚያነበውም ከራሱ ኔጋቲቭ አንጻር ነው። ኔጋቲቩ ከላላ ሁሉም ሴንሰር የሚዋሽ ይመስለዋል።

ያገለገለ ኮምፒውተር ብትገዛም ደግሞ መኪናህ ኢሞቢላይዘር (ቁልፉን የሚለይ የስርቆት መከላከያ) ካለው ቁልፍህን አያውቀውም፣ አይነሳም። ሌላ ወጪ። እሱም ተሰርቶ የምትሰካው እዚያው የላላ ሶኬት ላይ ነው።

ከመፍታትህ በፊት ለካ። ሞተሩ እየሰራ የቴስተርህን ጥቁር ጫፍ ባትሪው ኔጋቲቭ ላይ፣ ቀዩን ከሶኬቱ ጀርባ በቀጭን መርፌ አስገብተህ የኮምፒውተሩ ኔጋቲቭ ፒን ላይ አድርግ። ከ0.1 ቮልት በታች መሆን አለበት። ከዚያ በላይ ከሆነ መንገድ ላይ የሚያንቅ ነገር አለ። በፖዘቲቩም እንደዚሁ፣ ከባትሪው ፖዘቲቭ እስከ ኮምፒውተሩ ፖዘቲቭ ፒን። እየለካህ ሽቦውን ወዝወዝ አድርገው። ቁጥሩ ሲዘል የት እንደሆነ ታገኘዋለህ።

በኦም ብቻ ለክተህ «ደህና ነው» እንዳትል። ብዙ ሰው የሚታለለው እዚህ ነው። ሽቦው ውስጥ አንድ ክር ብቻ ቢቀር ቴስተሩ ዜሮ ገደማ ያሳይሃል፣ ጭነት ሲመጣበት ግን አይችልም። ባትሪው እንደተሰካ ሶኬቱን ከኮምፒውተሩ ነቅለህ በኃይሉና በኔጋቲቩ ሽቦ መሃል ባለ 21 ዋት የፍሬን አምፖል አብራ። ወደ 2 አምፔር ገደማ ይጎትታል። ቦግ ብሎ ከበራ ሽቦው ጤነኛ ነው፣ ደብዘዝ ካለ ያዝከው ማለት ነው። ቁልፍ ሲከፈት ብቻ ኃይል የሚያገኝ ፒን ስላለ ዲያግራም አይተህ ቋሚውን ለይ። አምፖሉን የሴንሰር ሽቦ ላይ ግን በፍጹም።

ጣርማበር_ሾፌር፦
የኔም አባዱላ ድሮ እንዲህ አድርጎኝ ነበር። ጠዋት ደብረ ብርሃን በብርድ አድሮ ወደ ሸዋ ሮቢት ስወርድ ነበር የሚብሰው። ሾፌሮች ፒኑን በካቻቪቴ ጠበብ አድርገው፣ አንዳንዱም የሲጋራ ወረቀት ብር ጠቅልሎ ይሰካዋል፣ ይሰራል ሲሉ ሰምቻለሁ። ለመንገድ ላይ እንኳን አይሆንም?

ኤሌክትሪክ_ደብረብርሃን፦
አይሆንም ጋሼ። ብሩ ተንሸራቶ ጎረቤት ፒን ከነካ 12 ቮልት የ5 ቮልት መስመር ውስጥ ይገባል። ያኔ ኮምፒውተሩ እውነትም ይቃጠላል። በካቻቪቴ የተጨነቀ ፒንም ሲሰካ አቻውን ያጣምማል።

ብርዱን በተመለከተ ያሉት ልክ ነው። ደብረ ብርሃን ከባህር ወለል 2,800 ሜትር በላይ ነው፣ ሸዋ ሮቢት ከ1,300 በታች። መኪናው ሌሊቱን ሙሉ ቀዝቅዞ አድሮ የጣርማበርን ዋሻ አልፎ ቆላ ሲገባ፣ ሞቃቱና እርጥቡ አየር የቀዘቀዘው ብረት ላይ ውሃ ይሆናል። ፒን ብረት ነው። መዳብ እርጥበትና አየር ሲያገኝ አረንጓዴ ያወጣል። የኛ መኪና ይሄን በየቀኑ ነው የሚኖረው።

የመንዝ_ጭነት፣ አንተ ግን ውሃው ከየት እንደገባ ሳታውቅ ሶኬቱን እንዳትሰራ። የፊት መስታወቱ ስር፣ መጥረጊያው የተገጠመበት ፕላስቲክ ውስጥ፣ የውሃ መውረጃ ቀዳዳ አለ። እዚህ አገር የባህር ዛፍ ቅጠል ሞልቶት ነው የሚገኘው። ሲደፈን ውሃው ይቆምና በሽቦ ማሳለፊያው ጎማ በኩል ወደ ውስጥ ይወርዳል። ሽቦውን ተከትሎ ሶኬቱ ጋ ይደርሳል። መጀመሪያ እሱን ጥረግ።

የመንዝ_ጭነት፦
እግዚአብሔር ይስጥልኝ። መውረጃውን ከፈትኩት፣ ቅጠሉ በስብሶ አፈር ሆኗል። ለካሁትም። ኔጋቲቩ ላይ 0.6 ቮልት አገኘሁ፣ ሽቦውን ስነካው 2 ድረስ ይዘላል። ፖዘቲቩ ደህና ነው። አሁን ወደ መፍታቱ ነኝ፣ ደረጃውን ንገሩኝ። ፒኑ እንዴት እንደሚወጣ አላውቅም፣ መጎተት ፈርቻለሁ።

ቴክኒክ_አስተማሪ፦
መፍራትህ ጥሩ ነው። እኔ ተማሪዎቼ መጀመሪያ የሚሰብሩት እሱን ስለሆነ ረዘም አድርጌ ልጻፍልህ።

የባትሪውን ኔጋቲቭ አውልቅና ጥቂት ደቂቃ ጠብቅ። ሶኬቱን በስልክህ ፎቶ አንሳ፣ ከፊትም ከጀርባም። የፒን ቁጥር ላይ ሰው የሚሳሳተው እዚህ ነው፤ ዲያግራሙ ሶኬቱን ከፊት ሆኖ ነው የሚያሳይህ ወይስ ከሽቦው በኩል? ሲገለበጥ ግራው ቀኝ ይሆናል። በሶኬቱ ላይ ጥግ ጥጉ ላይ የተጻፉ ትንንሽ ቁጥሮች ካሉ በነሱ ተማመን። እንዳትረሳም ሽቦ በሽቦ ወረቀት ላይ ጻፍ፣ ቀለሙን ከነመስመሩ። ቶዮታ ብዙ ሽቦ ባለ ሁለት ቀለም ነው፣ ነጭ ላይ ቀይ መስመር ያለውና ቀይ ላይ ነጭ መስመር ያለው ሁለት የተለያዩ ሽቦዎች ናቸው።

አሁን ፒኑ። እያንዳንዱ ፒን በሁለት ነገር ነው የተያዘው። አንዱ ከሶኬቱ ቀለም የተለየ፣ አብዛኛውን ጊዜ ነጭ የሆነ ፕላስቲክ ነው፣ ሁሉንም ፒን ባንዴ ይቆልፋል። እሱን በቀጭን ካቻቪቴ ቀስ ብለህ አንድ እርከን ብቻ አንሳው። ጨርሰህ አታውጣው። ሁለተኛው እያንዳንዱ ፒን ጉድጓድ ውስጥ ያለ ቀጭን የፕላስቲክ ምላስ ነው። ሽቦውን መጀመሪያ ወደ ፊት፣ ወደ ሶኬቱ ግፋው። ምላሱ ላይ ያለው ጫና ይቀንሳል። ከዚያም ከሶኬቱ ፊት በኩል ጫፉ ተጠፍጥፎ የተሞረደ የስፌት መርፌ አስገብተህ ምላሱን ቀና አድርገውና ሽቦውን ከኋላ በቀስታ ሳበው። ምላሱ በትክክል ከተነሳ ፒኑ ያለ ኃይል ነው የሚወጣው። እምቢ ካለህ አልተነሳም ማለት ነው፣ ድገመው። በጉልበት ካወጣኸው ምላሱ ይሰበራል፣ ከዚያ በኋላ ያ ጉድጓድ ፒን አይዝም፣ በተሰካ ቁጥር ወደ ኋላ ይሸሻል።

ከሁሉም በላይ ደግሞ አንድ ፒን አውጣ፣ ስራ፣ መልስ። ከዚያ ሌላው። ሁሉንም አውጥቶ ጠረጴዛ ላይ የደረደረ ሰው ሶኬት ሳይሆን እንቆቅልሽ ነው የሚሰራው።

የሽቦ_ልጅ፦
እህቴ በፒን ማውጣቱ እስማማለሁ። እኔ ግን ቴፕና ራዲዮ ስሰራ ነው የኖርኩት፣ በሊድ የተያዘ ነገር አይለቅም። ፒኑ ላይ ሊድ ጠብ አድርግበት፣ ተገላገልክ። በፒንሳ የተነከሰ ሽቦ ይላላል።

ቴክኒክ_አስተማሪ፦
ወንድሜ፣ ቤት ውስጥ ለሚቀመጥ ራዲዮ ትክክል ነህ። ራዲዮው አይንገጫገጭም። መኪና ላይ ግን ሊዱ ቀልጦ በሽቦው ክሮች መሃል ወደ ላይ ይሄዳል፣ ከላስቲኩ ስር ይገባል። እዚያ ድረስ ሽቦው ደረቅ ይሆናል። ሊዱ ያለቀበት ቦታ ላይ፣ በደረቁና በለስላሳው ድንበር፣ ሽቦው በየጉድጓዱ ይታጠፋል። ክር በክር ይበጠሳል። ከውጭ አይታይህም፣ ላስቲኩ ደህና ነው። የመንዝ መንገድ ላይ ይሄን በቶሎ ታየዋለህ።

ፋብሪካው የሚነክሰውም ለዚህ ነው። ፒኑን ጠጋ ብለህ እየው። ጀርባው ላይ ሁለት ጥንድ ክንፍ አለው። የፊተኛው ጥንድ መዳቡን ይይዛል፣ የኋለኛው ላስቲኩን። የኋለኛው ኤሌክትሪክ አያስተላልፍም፣ ስራው ንቅንቅታውን መሸከም ነው። ሰው በቤት ፒንሳ ሁለቱንም አብሮ ጠፍጥፎ ይጨርሰዋል። እንደዚያ አይደለም። የመጭመቂያው ፒንሳ አፍ ክንፎቹን ወደ ውስጥ ጠቅልሎ የመዳቡ መሃል ላይ እንዲገናኙ ነው የሚያደርጋቸው። በትክክል ሲነከስ በሁለቱ ጥንድ መሃል የላስቲኩ ጫፍ ይታያል፣ ከፊተኛው ክንፍ በኩል ደግሞ የመዳቡ ጫፍ እንደ ብሩሽ ትንሽ ብቅ ይላል፣ ግን አቻው የሚገባበት አፍ ውስጥ አይደርስም። ከዚያ በእጅህ ሳብ አድርገው። ከለቀቀ ድሮም አልተያዘም ነበር።

ሊድ የግድ ካልህ ከሶኬቱ ራቅ ያለ ቅጥያ ላይ፣ ከሌላ ሽቦ ጋር ታስሮ በማይነቃነቅበት ቦታ። የላሜራ ማጣበቂያውን አሲድ ግን አትጠቀም። ታጥቦ አይወጣም፣ ውስጥ ሆኖ መዳቡን ይበላዋል። በሙጫ የሚሰራውን ሊድ ውሰድ።

የሽቦ_ልጅ፦
ድንበሩ ላይ ይበጠሳል ያልሽው ገብቶኛል። የጆሮ ማዳመጫ ሽቦም የሚበጠሰው እዚያው ነው። መጭመቂያ ፒንሳ የሚባለው ግን ገበያ ላይ ሰፊ አፍ ያለው ቀይና ሰማያዊ ተርሚናል የሚነክሰው ነው የሞላው። ያ ይሆናል?

ቴክኒክ_አስተማሪ፦
አይሆንም። እሱ ላስቲክ ለለበሰ ተርሚናል ነው። ላስቲክ ለሌለው፣ ባለ ክንፍ ፒን የሚሆነውን ጠይቅ፣ አፉ ውስጥ የ«ሠ» ቅርጽ የመሰለ ሁለት ጎድጓዳ ያለው።

ሸዋሮቢት_ጋራዥ፦
ፒን ከየት ይገኛል ላልከው፣ አዲስ ፒን በነጠላ ፈልጌ ብዙ ተቸግሬያለሁ። የሚያዋጣው ሶማሌ ተራ ሄዶ ተመሳሳይ ሶኬት ከነሽቦው ቢያንስ አንድ ስንዝር ጭራ ኖሮት ተቆርጦ እንዲሰጡህ መጠየቅ ነው። የሶኬቱ ፕላስቲክ የማይጠቅም ቢሆን እንኳ ፒኑን አውጥተህ ትጠቀማለህ፣ ያውም በፋብሪካ የተነከሰ። የምትቀጥለው ሽቦው ላይ ነው። ስትቀጥል ቅጥያዎቹን አታስተካክላቸው፣ አንዱን አጭር አንዱን ረጅም አድርግ። ሁሉም አንድ ቦታ ከዋሉ ያብጥና ኪሱ ውስጥ አይገባልህም፣ ቢነካኩም አደጋ ነው። ሙቀት ሲነካው የሚሸበሸበው ቱቦ ላይ ውስጡ ማጣበቂያ ያለውን ግዛ። ናስትሮ ቆላ ላይ ይቀልጣል፣ ደጋ ላይ ይደርቃል።

የቤት መብራት ሽቦ እንዳታስገባ። አንድ ወጥ መዳብ ነው፣ ንቅንቅታ አይችልም። የሴንሰር ሽቦ ብዙውን ጊዜ 0.5 ካሬ ሚሊ ሜትር ነው፣ የኃይልና የኔጋቲቩ ወፈር ይላል። ከነበረው አታሳንስ።

አረንጓዴውን በብርጭቆ ወረቀት አትፈግፍገው። ፒኑ በላዩ ስስ የቆርቆሮ ወይም የወርቅ ልባስ አለው፣ እሱ ከተላጠ ዝገቱ ወዲያው ይመለሳል። የኮንታክት ማጽጃ ስፕሬይና ለስላሳ የጥርስ ብሩሽ በቂ ነው። መዳቡ ወደ ውስጥ ድረስ ከጠቆረ ግን አታጽዳው፣ ንጹህ መዳብ እስክታገኝ ቆርጠህ ጣለው። የሚተርፈውን ሴቷን ፒን ደግሞ በተመሳሳይ ወንድ ፒን ሞክራት። ገብቶ ሲወጣ ያዝ ማድረግ አለባት። ምንም ሳትይዘው ከወጣ ላልታለች፣ ትቀየር።

ጣርማበር_ሾፌር፦
ግሪስ ይቀባል የሚሉስ?

ሸዋሮቢት_ጋራዥ፦
የሲሊኮን ግሪስ፣ ለኤሌክትሪክ የተሰራውን፣ ስስ አድርጎ የጎማ ማሸጊያ ያለው ሶኬት ላይ። ውሃ ይከለክላል። የጎማ ኩሽኔታ ውስጥ የምንጨምረውን ግሪስ አይደለም፣ እሱ ፕላስቲኩንና ጎማውን ያበላሻል። እዚህ ዳሽቦርድ ውስጥ ላለው ሶኬት ግን የውሃው በር ከተዘጋ ብዙም አያስፈልግህም።

የመንዝ_ጭነት፦
ሰላም፣ ተመለስኩ። ደብረ ብርሃን የአክስቴ ልጅ ጋ ገብተን አብረን ሰራነው። ያላችሁትን በሙሉ ነው ያደረግነው፣ አንድ በአንድ እያወጣን።

ዋናው ኔጋቲቭ ፒን ሲወጣ አየሁት። ከፊት ሲታይ ንጹህ ነው፣ የሚያብለጨልጭ። ጀርባው ላይ፣ ክንፉ መዳቡን የያዘበት ቦታ፣ አረንጓዴ ዱቄት ብቻ ነው የቀረው። ሳብ ሳደርገው ሽቦው ፒኑን ትቶ መጣ። ሶስት ወይ አራት ክር ነበር የያዘው። ላስቲኩን ወደ ላይ ስልጠው መዳቡ ጥቁር ነው፣ አንድ ጣት ያህል ቆርጬ ነው ቀዩን ያገኘሁት። ውሃው ላስቲኩ ውስጥ ወደ ላይ ሄዷል። የኔጋቲቩን ሌላኛውን ጫፍ፣ ሞተሩ ላይ የሚታሰርበትን ብሎን፣ ፈትተን አጽድተን አጠበቅነው።

የአላርሙን ሽቦ ከነቅጥያው አወጣነው፣ የተቆረጠውን ከሶማሌ ተራ በመጣው ጭራ መለስነው። አሁን ኔጋቲቩ 0.03 ቮልት ነው። ብወዘውዘውም አይነቃነቅም። ፒ0190 እና የፔዳሉ ኮድ ተሰርዘው አልተመለሱም። ኮምፒውተሩ ያው የድሮው ነው።

አንድ ነገር ግን ቀረ። ሞላሌ ድረስ ነድቼው አልጠፋም፣ ግን ዙር ሲጨምር የአርፒኤም መርፌው ይርገበገባል፣ ፒ0335 አንዴ ተመልሶ መጣ። ሴንሰሩ አዲስ ነው። የሴንሰሩ ሁለት ሽቦዎች ድሮ ሰው ቆርጧቸው ተቀጥለው ነበር፣ ቅጥያው ደህና ነው፣ ለክቼዋለሁ።

ኤሌክትሪክ_ደብረብርሃን፦
ጎሽ። 0.6 ወደ 0.03 መውረዱ ትልቅ ስራ ነው።

የመርፌው ነገር፣ የክራንክ ሴንሰርህ ማግኔት ያለው ባለ ሁለት ሽቦ ነው፣ የሚልከው ምልክት ደካማ ነው። ሁለቱ ሽቦዎች እርስ በርስ ተገማምደው፣ በላያቸው የተጠቀለለ መከላከያ መረብ ወይም ፎይል አላቸው። የቀጠለው ሰውዬ ግምዱን ፈቶ ጎን ለጎን አስኪዷቸው፣ መረቡንም ቆርጦ ትቶት ይሆናል። ያኔ የዲናሞውና የኢንጀክተሩ (የነዳጅ መርጫው) ሽቦ ሞገድ ይገባበታል። ዙር ሲጨምር የሚብሰውም ለዚህ ነው። በኦም ብትለካ አይታይህም፣ ሽቦው አልተበጠሰምና።

ቅጥያውን ፈትተህ ሁለቱን እንደገና ገምዳቸው፣ የቅጥያው ርዝመት በተቻለ አጭር ይሁን፣ መረቡን በመረብ ቀጥል። ከኢንጀክተር ሽቦዎችም አርቀህ እሰራቸው። የኢንጀክተሩን ሶኬት ስትነካ ደግሞ ሞተሩ ይጥፋ፣ ያንተ ሞተር ላይ ኢንጀክተሩን የሚነዳው ሳጥን ከባትሪው በብዙ እጥፍ የሚበልጥ ቮልቴጅ ነው የሚያወጣው፣ ይመታል።

የመንዝ_ጭነት፦
ከፈትኩት፣ ልክ እንዳልከው ነው። ግምዱ ተፈቷል፣ መረቡ በሁለቱም በኩል ተቆርጦ ተሸፍኗል። መረቡን ስመልሰው በሁለቱም ጫፍ ከቦዲ ጋር ላገናኘው?

ኤሌክትሪክ_ደብረብርሃን፦
አይ፣ በአንድ በኩል ብቻ። በኮምፒውተሩ በኩል ድሮ የተያዘበት ኔጋቲቭ ላይ። በሴንሰሩ በኩል ክፍት ሆኖ በቱቦ ይሸፈን። በሁለቱም ጫፍ ካሰርከው መረቡ ራሱ የኔጋቲቭ ጅረት ይሸከማል፣ ያ ጅረት ደግሞ መልሶ ምልክቱን ይረብሻል።

የመንዝ_ጭነት፦
ተሰራ። መርፌው ቀጥ ብሎ ቆሟል፣ እስከ ሞላሌ ደርሼ ተመለስኩ፣ ኮድ የለም። ሽቦውንም ከሶኬቱ በታች ትንሽ ጎንበስ አድርጌ አሰርኩት፣ ውሃ ቢመጣ እንኳ እዚያ እንዲንጠባጠብ። ሁላችሁንም እግዚአብሔር ይስጥልኝ። ፎቶዎቹን እዚህ እለጥፋለሁ፣ የሶኬቱን የፊትና የጀርባ፣ የሽቦ ቀለሙን የጻፍኩበትን ወረቀትም ጭምር፣ ተመሳሳይ ቪጎ ያለው ሰው እንዲጠቀምበት።